ባለቤት ካልሆነ ሰው ሱቅ የገዛ ነጋዴ በሕግ ያለው መብት

ከአስመጪ ጨርቅ የሚረከብ ባለ ሱቅ ዕቃው በእርግጥ የሻጩ መሆኑን በሰነድ አይመረምርም፤ ልመርምር ቢልም ንግዱ አይራመድለትም። ሕጉም ይህን የንግድ ጠባይ ያውቃል። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ በቊጥር 1161 እንደ ደነገገው፣ በቅን ልቡና በዋጋ ተዋውሎ ተንቀሳቃሽ ዕቃ የተረከበ ሰው፣ ሻጩ ባለቤት ሳይሆን ቢገኝ እንኳ፣ የዕቃው ባለቤት ይሆናል። ለተሰረቀ ዕቃ የተለየ ደንብ አለ። ችግር የሚመጣው ነጋዴው ይህንኑ ልማዱን ይዞ ሱቅ ወይም መጋዘን ለመግዛት የተነሣ እንደ ሆነ ነው።

ከ1967 ዓ.ም. ወዲህ መሬት ራሱ የሚሸጥ ስላልሆነ ሽያጩ የሚመለከተው በላዩ የቆመውን ቤት ነው። በቤት ሽያጭ ደግሞ የገዥው ቅን ልቡና ብቻውን ባለቤት አያደርገውም። ብዙዎች ካርታውን በሻጩ ስም ካዩ ነገሩ ያለቀ ይመስላቸዋል። ነገር ግን የባለቤትነት ደብተር የሚሰጠው የሕግ ግምት ነው (ቊጥር 1195)፤ ሕግን ሳይከተል የተሰጠ መሆኑ ከተረጋገጠ ግምቱ ይፈርሳል (ቊጥር 1196)።

ለምሳሌ አንድ የቅመማ ቅመም ነጋዴ በመርካቶ ካርታው በሻጩ ስም የሆነ ሱቅ ገዝቶ ዕቃውን አስገባ እንበል። ከስምንት ወር በኋላ የሻጩ እኅት፣ «ቤቱ ከአባታችን የወረስነው ነው፤ ግማሹ የእኔ ነው» ብላ ትከሳለች። እኅቲቱ ብትረታ ነጋዴው በምን ይካሣል?

በቊጥር 2282 መሠረት ሻጭ ለገዥ መድን ነው። ሦስተኛ ወገን በውሉ ጊዜ በነበረው መብት ተነሥቶ ንብረቱን በሙሉም ሆነ በከፊል ከገዥው ቢያስለቅቅ ኀላፊው ሻጩ ነው። ይህ መድንነት በውሉ ባይጻፍም አለ። ገዥው ግማሹን ብቻ ቢያጣም፣ ይህን አስቀድሞ ቢያውቅ ኖሮ እንደማይገዛ ካስረዳ፣ ውሉ እንዲሰረዝ ሊጠይቅ ይችላል። አንዳንድ ሻጮች «ለሚነሣው ክርክር ኀላፊ አይደለሁም» የሚል ቃል በውሉ ያስገባሉ። ሻጩ የሌላውን ሰው መብት እያወቀ ሆን ብሎ ከደበቀ ግን ይህ ቃል አያድነውም (ቊጥር 2284)። በአንጻሩ ገዥው ራሱ አደጋውን እያወቀ ከገዛ፣ ሻጩ በግልጽ ካልተገደደለት በስተቀር፣ በመድንነቱ ሊከስ አይችልም።

ሁለተኛው መንገድ በቊጥር 1704 ውሉ በተንኰል የተደረገ ነው ብሎ እንዲፈርስ መጠየቅ ነው። ሐሰተኛ ሰነድ ወይም ሐሰተኛ የውክልና ሥልጣን አቅርቦ የሸጠ ሰው እዚህ ላይ ይወድቃል። ውሉ ከፈረሰ ተዋዋዮቹ ወደ ቀድሞ ሁኔታቸው ይመለሳሉ፤ ገንዘቡም ለገዥው ይመለሳል። ይሁን እንጂ ክሱ ለማፍረስ ምክንያት የሆነው ነገር ከቀረበት ቀን አንሥቶ በሁለት ዓመት ውስጥ ካልቀረበ መብቱ ይቀራል (ቊጥር 1810)። ተንኰሉን ከደረሰበት በኋላ በሽማግሌ ይታይልኝ እያለ ሁለት ዓመት የሚያሳልፍ ገዥ ይህን መንገድ ያጣል። በ1996 ዓ.ም. በወጣው የወንጀል ሕግ አንቀጽ 692 ሻጩ በአታላይነት ሊቀጣ ቢችልም፣ የሻጩ መታሰር ብቻውን የገዥውን ካዝና አይሞላም።

ነጋዴው ክስ የደረሰው ዕለት ብቻውን መሟገት የለበትም። በ1958 ዓ.ም. በወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ቊጥር 43 መሠረት ሻጩን ወደ ክርክሩ ያስጠራው። ሻጩን ሳይጠራ ከከሳሽ ጋር ቢታረቅ፣ «እኔ ብኖር እረታ ነበር» የሚል መልስ ይጠብቀዋል። ሻጩ ንብረቱን ሊያሸሽ ነው የሚያሰኝ ምክንያት ካለም፣ ንብረቱ ከፍርድ በፊት እንዲከበር በቊጥር 151 ማመልከት ይቻላል። ከባዶ ሻጭ ላይ የተገኘ ፍርድ ወረቀት ብቻ ነው።

ከእኅት ይልቅ አዘውትራ የምትመጣው ደግሞ ሚስት ናት። በ1992 ዓ.ም. በወጣው የፌዴራል የቤተሰብ ሕግ የባልና ሚስት የጋራ ቤት ያለ ሁለቱ ስምምነት አይሸጥም። ያልተስማማው ወገን ሽያጩን ባወቀ በስድስት ወር፣ ቢዘገይም ውሉ በተደረገ በሁለት ዓመት ውስጥ እንዲሻር ሊጠይቅ ይችላል። ስለዚህ ሻጩ ላጤ ነኝ ሲል የጋብቻ ሁኔታ ማስረጃውን መጠየቅ ነውር አይደለም፤ ከዕዳና ከእገዳ ነጻ መሆኑን የሚያሳይ ማስረጃም እንዲሁ። ባንክ የያዘውን ቤት በ1990 ዓ.ም. በወጣው ዐዋጅ ቊጥር 97 መሠረት ያለ ፍርድ ቤት ሊሸጠው ይችላልና።

አንድ ነገር በተለይ ለነጋዴ ይነገር። ግብር እንዲቀንስ ተብሎ በውሉ ከእውነተኛው ዋጋ ያነሰ የሚጻፍበት ጊዜ አለ። በሦስት ሚሊዮን ብር የተገዛ ሱቅ በውሉ አንድ ሚሊዮን ተብሎ ቢጻፍና ገዥው ቤቱን ቢለቅ፣ ሻጩ የሚያሳየው የተጻፈውን ነው። የተፈረመ ሰነድ በፈራሚዎቹ መካከል ሙሉ እምነት የሚጣልበት ማስረጃ ስለሆነ (ቊጥር 2005)፣ ሁለቱ ሚሊዮን በምስክር ቃል ይመለሳሉ ብሎ መጠበቅ አይገባም። ዋጋው በሙሉ ቢጻፍና በባንክ ቢከፈል፣ የመጨረሻውም ክፍያ ስሙ በመዝገብ እስኪዛወር ቢቆይ፣ ገዥው ቢከሰስ እንኳ በእጁ የሚይዘው ነገር ይኖረዋል።