በሚዛን የማይነበብ ብር

በንፋስ ስልክ ላፍቶ፣ ከጎፋ እስከ ጀሞ ባሉት ሰፈሮች፣ ከጎንደር፣ ከጎጃም፣ ከወሎ ወይም ከሸዋ በመጣች እናት ሣጥን ውስጥ የብር መስቀል፣ አልቦ፣ ድሪ ወይም አምባር ማግኘት ብርቅ አይደለም። ገንዘብ ሲያጥር ዕቃው ወደ ወርቅ ቤት ይሄዳል። ሚዛን ላይ ይቀመጣል፤ በግራም ይከፈልበታል፤ ከዚያም ይቀልጣል። ሚዛኑ አልዋሸም፤ የብሩን ልክ ተናግሯል። ስለ ሠራው አንጥረኛ ግን የሚያውቀው ነገር የለም። አብዛኞቹ አንጥረኞቻችን ስማቸውን በሥራቸው ላይ አልጻፉም። ስለነሱ የቀረን ምስክር ዕቃው ራሱ ነውና፣ ሳይነበብ ሲቀልጥ ሰውየውም አብሮ ይጠፋል።

ንባቡ የሚጀምረው ከጥሬ ዕቃው ነው። ባለፉት ሁለት መቶ ዓመታት ለተሠራው ጌጣችን ብሩ በብዛት የተገኘው ከገንዘብ፣ በተለይም ከጠገራ ብር ነው። ምስሏ በጠገራው ላይ ያለው የኦስትሪያዋ ገዥ ማሪያ ቴሬዛ እ.ኤ.አ. በ1780 ካረፈች በኋላ የተመታው ጠገራ ሁሉ ያንኑ ዓመት እንደያዘ ቀጠለ። እ.ኤ.አ. በ1930ዎቹ ሮምም ለንደንም ይህንኑ ብር ይመቱ ነበር፤ ሁሉም ላይ 1780 ይነበባል። አንዱ ጠገራ 28.07 ግራም ይመዝናል። ከሺው 833 እጁ ብር ነው፣ የቀረው መዳብ። ስለዚህ በእያንዳንዱ ውስጥ 23.39 ግራም ያህል ንጹሕ ብር አለ። መስቀል ያሰኘው ሰው ጠገራውን ይዞ አንጥረኛው ዘንድ ይሄዳል፤ አንጥረኛውም አቅልጦ የተባለውን ይሠራለታል። ከ1887 ዓ.ም. ጀምሮ በፓሪስ የተመታው የዳግማዊ ምኒልክ ብርም ከሺው 835 እጅ ነበረና፣ ከቀለጠ በኋላ ሁለቱን በብር መጠናቸው ብቻ መለየት ይቸግራል።

መዳቡ ብሩን አሳንሶታል ብለው የሚያዝኑ አሉ፤ እኔ ግን ለአንጥረኛው በጎ ሥራ ሠርቶለታል እላለሁ። ንጹሕ ብር ለስላሳ ነው፣ ቶሎ ይጎብጣል፤ መዳብ ሲገባበት ይጠነክራል። ሌላም ጥቅም አለው። ንጹሕ ብር ለመቅለጥ 962 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ሲፈልግ፣ የጠገራው ቅይጥ ገና በ779 ዲግሪ መቅለጥ ይጀምራል። ከሰልና ወናፍ ብቻ ላለው ሰው ይህ ልዩነት ትልቅ ነው። ሁለቱን ማዕድናት በተለያየ መጠን እየቀየጠ፣ ከዋናው ዕቃ ቀድሞ የሚቀልጥ መበየጃም ያዘጋጅበታል። በወሎ ድሪ ላይ እንደ ጤፍ ፍሬ የተደረደሩትን ጥቃቅን የብር ነጠብጣቦች ቦታቸው ላይ ያጣበቀው ይኸው የሙቀት ዕውቀት ነው። ያንን ያወቀው ያለ ቴርሞሜትር፣ የፍሙንና የብሩን ቀለም እያየ ነበር።

ቅይጡን ሳይቧጭሩ መመርመር ይቻላል። የወጥ ቤት ዲጂታል ሚዛን ላይ ውሃ ያለበት ብርጭቆ አስቀምጡና ሚዛኑን ዜሮ አድርጉ። አስቀድማችሁ የመዘናችሁትን መስቀል በቀጭን ክር አንጠልጥላችሁ፣ ታቹንም ጎኑንም ሳይነካ ሙሉ በሙሉ ውሃው ውስጥ አስገቡት። ሚዛኑ ላይ የሚታየው ግራም የመስቀሉ ይዘት በሴንቲ ሜትር ኩብ ነው። ክብደቱን በዚህ ሲያካፍሉት እፍግታው ይገኛል። የንጹሕ ብር እፍግታ 10.49፣ የመዳብ 8.96፣ የጠገራው ቅይጥ 10.2 ገደማ ነው። 102 ግራም የሚመዝን የጠገራ መስቀል ውሃው ውስጥ ሲገባ ሚዛኑ 10 ያህል ያሳያል። ብር የሚመስለው፣ ከመዳብ፣ ከኒኬልና ከዚንክ የተቀየጠው ነጭ ብረት ግን በዚያው ክብደት ወደ 12 ይጠጋል። ውስጡ ባዶ የሆነ ወይም ድንጋይና ጨርቅ ያለበት ጌጥ ለዚህ ሙከራ አይሆንም።

የሙዚየም ቤተ ሙከራዎች ኤክስሬይ ዕቃው ላይ አሳርፈው፣ እያንዳንዱ ንጥረ ነገር ከሚመልሰው ጨረር የቅይጡን መጠን ያነባሉ። መሣሪያው ፈጣን ነው፣ ዕቃውንም አይጎዳም። ነገር ግን የሚያየው ላዩን ብቻ ነው። ብር ሲሞቅ ላዩ ላይ ያለው መዳብ ከኦክስጅን ጋር ተዋሕዶ ይጠቁራል፤ ዕቃው አሲድ ውስጥ ሲነከር ያ መዳብ ይወገድና ከላይ ነጭ ብር ይቀራል። ስለዚህ መሣሪያው 90 በመቶ ብር ብሎ ያነበበው መስቀል ውስጡ 83 ሊሆን ይችላል። ይህን ማጭበርበር ብሎ መፍረድ ስህተት ነው፤ አንጥረኞች በብዙ አገር ሲሠሩበት የኖሩ የማጠናቀቂያ ጥበብ ነው። በአክሱም ዘመን የገንዘብ ሠሪዎች በብር ሣንቲም ላይ የንጉሡን ራስ ዙሪያ በወርቅ ለብጠው ነበር። ገጽን እንደፈለጉ ማዘዝ ለአገራችን ባለእጅ አዲስ ነገር አልነበረም።

ጥቁረቱስ? ሰው ዝገት ይለዋል። የብር ጥቁረት ግን ብሩ በአየር ውስጥ ካለ የሰልፈር ጋዝ ጋር ሲዋሐድ የሚፈጠር ስስ ንብርብር ነው። አንዳንዱ ሥራ ላይ የቅርጹ መስመር እንዲጎላ ጥቁሩ ጎድጓዳው ውስጥ ሆን ተብሎ ተትቷል። በአሸዋና በአመድ መፈተግ ጥቁሩን ብቻ አያነሳም፤ ብሩንም ይዞ ይሄዳል። የመጀመሪያው የሚጠፋውም ጥልቀት የሌለው ቅርጽ፣ ማለትም የአንጥረኛው የእጅ ጽሑፍ ነው።

ያ የእጅ ጽሑፍ ባጉሊ መነጽር ይታያል። በሰም ተቀርጾ በሸክላ ሻጋታ የፈሰሰ መስቀል ጠርዙ ዶልዱም፣ የአየር ቀዳዳ ያለው ይሆናል። ሻጋታው ተሰብሮ ስለሚወጣ መንትያ የለውም። ከተቀጠቀጠ ብር የተቆረጠው ደግሞ በቀዳዳዎቹ ጠርዝ የሞረድ መስመር ይታይበታል። ከሁሉ የሚያስደንቀኝ የመምቻው አሻራ ነው። ክብ የምታትመው መምቻ ጫፏ ላይ ጥርስ ከጎደላት፣ በመታችው ክብ ሁሉ ያንኑ ጉድለት ትተዋለች። ያው ጉድለት በሁለት መስቀሎች ላይ ከተገኘ ሁለቱ ከአንድ መሣሪያ፣ ምናልባትም ከአንድ እጅ እንደወጡ መናገር ይቻላል። ስሙን ባናውቅም ሰውየውን አገኘነው ማለት ነው።

ስማቸው የጠፋው በቸልታ ብቻ አይደለም። ቀጥቃጭ፣ ቡዳ እየተባለ ባለእጅ ሲሰደብ ኖሯል። ስድቡ የት እንደደረሰ ለማወቅ፣ ዳግማዊ ምኒልክ በ1900 ዓ.ም. ሠራተኛን በሙያው የሚሰድብ እንዲቀጣ አዋጅ ማውጣታቸውን ማስታወስ ይበቃል። ከጨለማው የወጣ አንድ ስም አለ። ከመቅደላ ተዘርፎ ዛሬ ለንደን ቪክቶሪያና አልበርት ሙዚየም የሚገኘው የወርቅ ጽዋ፣ በ18ኛው ክፍለ ዘመን በጎንደር ለቁስቋም የተሰጠ ነው። ሠሪው ወልደ ጊዮርጊስ መሆኑ ይታወቃል። ከነገሥታት ስም ጎን የባለእጁ ስም በመትረፉ ደስ ይለኛል፤ ስንቱ ያልተረፈ እንዳለ ሳስብ ደግሞ እቆጫለሁ።

በስድስት ኪሎ የኢትዮጵያ ጥናትና ምርምር ተቋም ሙዚየም የመስቀል ስብስቡን ለሕዝብ ያሳያል፤ ለማነጻጸር ከዚያ የተሻለ መነሻ የለም። ቅርስን ያለ ፈቃድ ከአገር ማውጣትን አዋጅ ቁጥር 209/1992 ይከለክላል። ቤታችሁ ያለው ብር ግን የሚድነው በናንተው እጅ ነው። ከመሸጣችሁ ወይም ከመፈተጋችሁ በፊት መዝኑት፤ ከፊትና ከኋላ፣ ከጎን በሚመጣ ብርሃን ፎቶ አንሱት። እናታችሁ ወይም አያታችሁ በሕይወት ካሉ ከየት ገበያ፣ በስንት ጠገራ፣ ማን እንደሠራው ጠይቋቸው። የነገሯችሁንም ከነቀኑ ጽፋችሁ ከዕቃው ጋር አስቀምጡ።