እድር፣ ቤተሰብና ጉርብትና፦ ከአውሮፓ ታሪክ ምን እንማር?



ባለፈው ዓመት በአየር ጤና ሰፈራችን አንዲት እናት ወደ አኼራ ሄዱ። ብቻቸውን የሚኖሩ አዛውንት ነበሩ። ልጆቻቸው ዐረብ አገር ሠርተው በየወሩ ገንዘብ ይልኩላቸዋል። በቤታቸው የሚበላ የሚጠጣ አልጎደለም፤ የጎደለው አጠገባቸው ቁጭ ብሎ የሚያጫውታቸው ሰው ነበር። የሞታቸው ወሬ ጠዋት ሲደርሰን ጀናዛው ከዙህር ሶላት በኋላ ወደ ኮልፌ የሙስሊሞች መቃብር እንደሚሄድ ተነገረን። እኛ ግን በዚያው ሰዓት በክፍያ የምናስጠናቸው ልጆች ነበሩን። ክፍያው እንዳያመልጠን ስንል «ቅጣቱን እንከፍላለን» ብለን ቀረን።

በወሩ መጨረሻ የእድሩን መዋጮና የቀሪ ቅጣት 50 ብር ይዘን ሄድን። ጸሐፊው በዕድሜ የገፉ ክርስቲያን ጎረቤታችን ናቸው። ደረሰኙን ቆርጠው ከሰጡን በኋላ፣ «መምህር፣ ገንዘቡን ተቀብያለሁ። ብር ግን ቃሬዛ አይሸከምም። የዚያን ቀን ከመኪናው እስከ ጉድጓዱ የተሸከሙት አምስት ስድስት ሰዎች ነበሩ፤ የሚቀይራቸው አጥተው ነው የደረሱት» አሉን።

መልስ አልነበረንም። በመድረሳ ገና ልጆች ሳለን ሙስሊም በሙስሊም ወንድሙ ላይ ያሉትን ሐቆች አስተምረውናል፤ ሰላምታን መመለስ፣ የታመመን መጠየቅ፣ ጀናዛን መሸኘት፣ ጥሪን ማክበር፣ ያስነጠሰን መመረቅ። ከአምስቱ አንዱም በገንዘብ የሚከፈል አይደለም። በመንግሥት ትምህርት ቤት ደግሞ የአውሮፓን ታሪክ ተምረናል፤ ዛሬም እናስተምረዋለን። ጸሐፊው ከተናገሩን በኋላ ሁለቱን ትምህርቶች ጎን ለጎን አስቀምጠን ብናይ፣ በሰፈራችን እየደረሰ ያለው ነገር በሌላ አገር አስቀድሞ የደረሰ ሆኖ አገኘነው።

እድር እንዴት መጣ?

እድር ከጥንት ከጠዋቱ የነበረ የሚመስለን ብዙዎች ነን። ጉዳዩን ያጠኑ ሰዎች ግን ዛሬ የምናውቀውን እድር ከከተማ ኑሮ ጋር ያያይዙታል። አዲስ አበባ በ1879 ዓ.ም ከተቆረቆረች በኋላ ከየአገሩ የመጣው ሰው ዘመድ አዝማዱን ትቶ ነው የመጣው። በገጠር ሰው ሲሞት ቀባሪው ዘመድና የአገር ሰው ነው። በከተማ ግን የአንዱ ጎረቤት ከጉራጌ፣ የሌላው ከወሎ፣ የሦስተኛው ከሸዋ የመጣ ነበርና «ማን ይቀብረኛል?» የሚል ጥያቄ ተነሣ። እድር የዚህ ጥያቄ መልስ ነው። ከጉራጌ ወደ ከተማ የፈለሱ ሰዎች ለመስፋፋቱ ትልቅ ድርሻ እንደነበራቸው ይነገራል፤ ጣሊያን አገራችንን በያዘበት ከ1928 እስከ 1933 ዓ.ም ባለው የመከራ ጊዜም ይበልጥ እንደተጠናከረ ይተረካል።

በ1967 ዓ.ም የከተማ ቦታና ትርፍ ቤት የመንግሥት ሲሆን፣ ቀበሌ ሲቋቋም፣ መንግሥትም ሲለወጥ እድር አልፈረሰም። ዳኛው፣ ጸሐፊው፣ ገንዘብ ያዡ፣ ጡሩምባ ነፊው፣ ድንኳኑና ብረት ድስቱ ሁሉ በቦታቸው ቆዩ። እንደኛ ባለ ሙስሊሙና ክርስቲያኑ ተሰባጥሮ በሚኖርበት ሰፈር ሥጋው ለየብቻ ይሠራል፤ ድንኳኑና ሐዘኑ ግን የጋራ ነው።

አውሮፓውያንም እድር ነበራቸው

«የፈረንጅ ቤተሰብ የተበተነው በፋብሪካ ዘመን ነው፤ ከዚያ በፊት አያትና የልጅ ልጅ አንድ ላይ ይኖሩ ነበር» ሲባል እንሰማለን። ነገሩ እንደዚያ አይደለም። ፒተር ላስሌት የተባለው እንግሊዛዊ የታሪክ ምሁር ከባልደረቦቹ ጋር እ.ኤ.አ. ከ1574 እስከ 1821 የተጻፉ የ100 አጥቢያዎችን የሕዝብ መዝገብ መርምሮ፣ በአንድ ቤት የሚኖረው ሰው በአማካይ አምስት እንኳ እንደማይሞላ አሳይቷል። በሰሜን ምዕራብ አውሮፓ ወጣቶች ዘግይተው ያገባሉ፤ ሲያገቡም የራሳቸውን ጎጆ ይወጣሉ።

ታዲያ ትንሿን ቤተሰብ ምን ደገፋት? ሰፈርና ማኅበር ናቸው። በእንግሊዝ እ.ኤ.አ. በ1601 የወጣ ሕግ ድሃውን የመርዳት ግዴታ በየአጥቢያው ላይ ጥሎ ነበር። ፋብሪካው ሕዝቡን ከገጠር ወደ ከተማ ባጋዘ ጊዜም ሠራተኞች በየሳምንቱ ሳንቲም እያዋጡ ሲታመሙ የሚጦሩበት፣ ሲሞቱ የሚቀበሩበት የመረዳጃ ማኅበር አቋቋሙ። እ.ኤ.አ. በ1793 መንግሥት በሕግ አወቃቸው። ማኅበራቱ መዋጮ፣ ጸሐፊና የገንዘብ ሣጥን ነበራቸው፤ የታመመውን ሄደው ይጠይቁ፣ የሞተውንም ተሰብስበው ይሸኙ ነበር። ከእኛ እድር ምን ለያቸው?

ይህን ሁሉ ያደርጉ የነበረው ያለ ምክንያት አልነበረም። እ.ኤ.አ. በ1832 የወጣው ሕግ በድሆች ማኖሪያ የሞተና ጠያቂ ያጣ ሰው አስከሬን ለሕክምና ትምህርት እንዲቆራረጥ ፈቀደ። በ1834 የወጣው ደግሞ ድሃው ርዳታ ሲፈልግ ወደ ማኖሪያው እንዲገባ አዘዘ። በዚያም ባል ለብቻ፣ ሚስት ለብቻ፣ ልጆች ለብቻ ይደረጉ ነበር። እናት ከዳቦዋ ቀንሳ ለቀብር ማኅበሩ የምትከፍለው ይህን ውርደት ፈርታ ነው።

መንግሥት ሸክሙን ሲያነሣ

ከዚያ በኋላ የሆነው በአብዛኛው መልካም ነው፤ መልካሙን መልካም ማለትም ፍትሕ ነው። ጀርመን እ.ኤ.አ. በ1883 የሠራተኞች የሕመም መድን፣ በ1889 የእርጅና ጡረታ ደነገገች። እንግሊዝ በ1908 ባወጣችው ሕግ 70 ዓመት የሞላቸው ድሆች በሳምንት እስከ አምስት ሽልንግ እንዲያገኙ አደረገች። ሽማግሌው ከልመናና ከማኖሪያው ዳነ። በ1946 የወጣው ሕግ ደግሞ ለቀብር የሚውል ገንዘብ ሳይቀር ከመንግሥት እንዲከፈል ደነገገ።

ይሁን እንጂ ከሸክሙ ጋር አብሮ የወረደ ነገር ነበር። ማኅበሩ ገንዘብ ብቻ ሳይሆን ሰውም ይሰበስብ ነበር። ገንዘቡ ከሌላ ቦታ ሲመጣ የመሰብሰቢያው ምክንያት ሳሳ፤ ጠያቂውም እየቀነሰ ሄደ።

እ.ኤ.አ. በነሐሴ 2003 ፈረንሳይን ከባድ ሙቀት መታት። ወደ 15 ሺህ የሚጠጋ ሰው ሞተ፤ አብዛኞቹ አረጋውያን ነበሩ፤ ብቻቸውን የሚኖሩትም ብዙ ነበሩ። ጡረታ አላቸው፤ ሐኪም ቤት አላቸው፤ ውኃ የሚያቀብል ጎረቤት ግን አልነበራቸውም። በፓሪስ ዘመድ መጥቶ ያልወሰዳቸው 57 ሰዎች በመስከረም መጀመሪያ ከከተማው ወጣ ብሎ በሚገኘው የቲዬ መቃብር ሲቀበሩ፣ ከቀባሪዎቹ መካከል የአገሪቱ ፕሬዚዳንት ዣክ ሺራክ ነበሩ። ፕሬዚዳንት ቀብሯቸው ሳለ ጎረቤት አልቀበራቸውም። እንግሊዝም በ2018 የብቸኝነትን ጉዳይ የሚከታተል ሚኒስትር ሾመች።

ይህን የምንጽፈው በፈረንጅ ለመሳለቅ አይደለም። ቤተሰባቸውን የሚወዱ፣ ሕግ አክባሪ ሕዝቦች ናቸው። ማንም በአንድ ቀን ተነሥቶ «ጎረቤቴን ልተው» አላለም። ነገሩ በጥቂት በጥቂቱ፣ እያንዳንዱም እርምጃ ምክንያት እያለው የመጣ ነው። እኛስ ከጀናዛ የቀረንበት ምክንያት አልነበረንምን?

የጃዕፈር ቤት

ውድ አንባብያን፣ የሐበሻ ሙስሊም ስለ ሐዘን ቤት ሲነጋገር ጃዕፈር ኢብን አቢ ጧሊብን (ረ.ዐ) ማስታወስ ይገባዋል። በነጃሺ ፊት ቆመው ስለ ኢስላም የተናገሩት እርሳቸው ናቸው። ከባለቤታቸው ከአስማእ ቢንት ዑመይስ (ረ.ዐ) ልጆች የወለዱትም በዚሁ በሐበሻ ምድር ነው። በ8ኛው ዓመተ ሂጅራ በሙእታ ዘመቻ ሲሰዉ፣ ነቢያችን (ሰ.ዐ.ወ) ወደ ቤታቸው ሄደው ሕፃናቱን አስጠርተው እንዳቀፏቸው ይተረካል። የጃዕፈር ቤተሰብ ሐዘን ላይ ስለሆነ ምግብ እንዲሠራለትም አዘዙ።

እዚህ ላይ ሁለት ነገር እናስተውል። ምግቡ በሌሎች እጅ ተሠርቶ ሄደ፤ እርሳቸው ግን በአካል ሄዱ። የእድራችን ብረት ድስት የመጀመሪያውን ይሠራል። ሁለተኛውን የሚሠራ ድስት የለም።

ምን እናድርግ?

ዛሬ አየር ጤና የድሮዋ የከተማ ዳር አይደለችም። ከ1997 ዓ.ም ወዲህ በተስፋፋው የጋራ መኖሪያ ቤት ግንባታ ብዙ ቤተሰብ ከነባር ሰፈሩ ወጥቷል። በ2016 ዓ.ም የፒያሳ ነባር ሰፈሮች ሲፈርሱም ለዘመናት አብሮ የኖረ ጎረቤት ወደተለያየ አቅጣጫ ሄዷል። ኑሮው ተወዷል፤ ሰው ሁለት ሥራ ይሠራል። ልጆቻችን ዐረብ አገርና አውሮፓ ናቸው። እንግዲህ ቅጣት ከፍሎ መቅረት ነገ ከዛሬ የበለጠ ይቀልለናል።

በመሆኑም ከራሳችን እንጀምር። ወደ አዲስ ሰፈር የሄደ ቤተሰብ በሰፈሩ እድር ሳይገባ የቀድሞውን አይልቀቅ። በጀናዛ ላይ ወጣቶች ይገኙ፤ ቃሬዛ የወጣት ትከሻ ይፈልጋል። ሕፃናትን የታመመ ጎረቤት ልንጠይቅ ስንሄድ ይዘን እንሂድ፤ ያላዩትን አይለምዱምና። መዋጮ መክፈል ያቃተውን ጎረቤት እድሩ እንዳይሠርዘው እንናገርለት፤ ሰው በድህነቱ ምክንያት ቀባሪ ማጣት የለበትም። ውጭ አገር ያላችሁ ልጆችም፣ የምትልኩት ገንዘብ አላህ ይቀበላችሁ፤ ነገር ግን ስልክ ስትደውሉ «ገንዘቡ ደረሰ?» ከማለታችሁ በፊት «ዛሬ ማን መጥቶ ጠየቀሽ?» በሉ። ማንም አልመጣም ካለች ለአንድ ጎረቤት ደውሉ።

እኛ ያን ቀን ያመለጠንን ጀናዛ ልንመልሰው አንችልም። ወደ ጸሐፊው ተመልሰን በሰፈራችን ብቻቸውን የሚኖሩ አረጋውያን እነማን እንደሆኑ ጠየቅናቸው። ሰባት ስም ጻፉልን፤ አራቱ ሙስሊም፣ ሦስቱ ክርስቲያን። ከአንዳንድ ተማሪዎቻችን ጋር ሆነን በየሳምንቱ ዐርብ ከዐስር ሶላት በኋላ ተራ በተራ እንጠይቃቸዋለን። በመጀመሪያው ዐርብ ያገኘናቸው አባት ሻይ አፍልተው፣ «ምን ፈልጋችሁ መጣችሁ?» ብለው ጠየቁን። «ምንም፤ እንዲያው ልናይዎ ነው» ስንላቸው ለጥቂት ጊዜ ዝም አሉ፤ ከዚያም ወንበሩን ወደኛ አስጠጉ።

አላህ የጎረቤትን ሐቅ ከሚጠብቁት ያድርገን፤ ያጠፋነውንም ይማረን። አሚን።