«መሙላት»፣ «መምረግ»፣ «መድፈን»

የታመመ የጥርስ ሥር ቦይ ከተጠረገ በኋላ የሚከናወኑት ሦስት ሥራዎች በተለምዶ «ማስሞላት» በሚል አንድ ቃል ይጠራሉ። በዚህም የተነሣ ከዘመሮ ርቆ ሄዶ የታከመ ሰው፣ ጊዜያዊውን ክዳን የመጨረሻው መስሎት ሳይመለስ ሊቀር ይችላል፤ ክዳኑ ሲለቅ ተሐዋስያን ገብተው ጥርሱን ለመነቀል ይዳርጉታል።

ቃላቱን ለመለየት የአገር ቤት ሙያ ይረዳናል። የመንዝ ግንበኛ በድንጋዮቹ መካከል ያለውን ክፍተት በጭቃ ይመርጋል፤ ጠላ ጠማቂዋም የጋኑ አፍና መክደኛው የሚጋጠሙበትን ትመርጋለች። ስለዚህ ቦዩን ከዛፍ ወተት በሚገኘው በጉታ ፐርካ መጠቅጠቅ «መሙላት»፤ በጉታ ፐርካውና በቦዩ ግድግዳ መካከል የሚቀረውን ቀጭን ክፍተት መዝጋት «መምረግ»፣ የሚዘጋበትም ነገር «ምርጊት»፤ የጥርሱን አናት በጽኑ ነገር መዝጋት «መድፈን» እንዲባል ሐሳብ እናቀርባለን። ከታወቁት ምርጊቶች አንዱ የዚንክ ኦክሳይድና የዩጂኖል ውሁድ ነው፤ ዩጂኖልም ለጥርስ ሕመም ማስታገሻነት ከሚታወቀው ከቅርንፉድ ዘይት ይገኛል።

«ማሸግ»ን ያልመረጥነው ከውጭ መዝጋትን ስለሚያመለክት ነው። ሐኪሙ «ተሞልቷል፣ ተመርጓል፤ ገና አልተደፈነም» ቢል፣ ታካሚው መመለስ እንዳለበት ከቃሉ ይረዳል።