ቡና ሲወደድ ዋንጫ ይመጣ ነበር፤ አሁንስ?

የቡና ነጋዴ ጠዋት የኒውዮርክን ዋጋ፣ ማታ ደግሞ የክለቡን ነጥብ ይቆጥራል። ሁለቱን መዝገቦች ጎን ለጎን ያስቀመጠ ሰው አንድ የሚያስገርም ነገር ያገኛል። በግንቦት 1989 ዓ.ም. የአረቢካ ቡና ዋጋ በኒውዮርክ ገበያ በፓውንድ ከ3 ዶላር በላይ ወጣ። በዚያው ዓመት ኢትዮጵያ ቡና የአገሪቱ ሻምፒዮን ሆነ። ዋጋው እንደገና 3 ዶላርን የነካው ከ14 ዓመት በኋላ፣ በ2003 ዓ.ም. ነው። ክለቡ ሁለተኛውን የሻምፒዮንነት ዋንጫ ያነሳውም በዚሁ በ2003 ዓ.ም. ነው።

እነሆ በየካቲት 2017 ዓ.ም. ዋጋው 4 ዶላርንም አለፈ። በነጋዴው ሚዛን ሲመነዘር በኒውዮርክ ሂሳብ አንድ ፈረሱላ (17 ኪሎ) ቡና ወደ 150 ዶላር ደረሰ ማለት ነው። ገበያው በወደቀበት በ1994 ዓ.ም. ይኸው ፈረሱላ 19 ዶላር እንኳ አያወጣም ነበር። ዋንጫው ግን በዚህ ጊዜ ወደ ቡና ቤት አልመጣም። የ2016 ዓ.ም. ሻምፒዮን ኢትዮጵያ ንግድ ባንክ፣ የ2017 ዓ.ም. ደግሞ ኢትዮጵያ መድን ሆኑ። አንዱ ባንክ፣ ሌላው ኢንሹራንስ፤ ሁለቱም የመንግሥት።

ግጥምጥሞሽ ነው የሚል አንባቢ አይጠፋም። እኛም ዋጋ ጎል ያገባል አንልም። ነገር ግን ክለብም እንደማንኛውም ድርጅት ገቢና ወጪ አለው፤ ገቢው ከየት እንደሚመጣ ያላወቀ ደግሞ ውጤቱ ለምን እንደሚዋዥቅ አያውቅም። ለመሆኑ የነጋዴው ክለብ በነጋዴው ደግ ዘመን ለምን ወደኋላ ቀረ?

ከንጋት ኮከብ እስከ ኢትዮጵያ ቡና

የአዲስ አበባ ክለቦች ታሪክ የሚጀምረው ከኪስ በወጣ ገንዘብ ነው። ቅዱስ ጊዮርጊስ በ1928 ዓ.ም. በአራዳ ልጆች ሲመሠረት ባለበጀት አባት አልነበረውም። ጣሊያን ከወጣ በኋላ በ1936 ዓ.ም. በተካሄደው የመጀመሪያው የአገር ውድድር ከጊዮርጊስ ጋር የተሰለፉት የአርመኖቹ አራራት፣ የግሪኮቹ ኦሎምፒያኮስ፣ የጣሊያኖቹ ፎርቲቱዶና የእንግሊዝ ጦር ሚሲዮን ቡድን ነበሩ። ሁሉም የቆሙት በየማኅበረሰባቸው ትከሻ ላይ ነው።

ከ1966ቱ አብዮት በኋላ ግን ነገሩ ተገለበጠ። በደርግ ዘመን ፋብሪካው፣ ኮርፖሬሽኑ፣ ጦሩና ፖሊሱ የክለብ ባለቤቶች ሆኑ። ተጫዋቹ በመዝገብ ሠራተኛ፣ በተግባር ኳስ ተጫዋች ሆነ። የዛሬው ኢትዮጵያ ቡና የተወለደው በዚህ ዘመን፣ በ1968 ዓ.ም. ነው። የቡና ማዘጋጃ ሠራተኞች ሰብሰብ ብለው ያቋቋሙት ቡድን የመጀመሪያ ስሙ ንጋት ኮከብ ነበር። በኋላ የቡናውን ንግድ ጠቅልሎ ከያዘው ኮርፖሬሽን ጋር ቡና ገበያ ተባለ። ዛሬም ድረስ ጎልማሳው ደጋፊ ክለቡን በዚሁ ስም ይጠራዋል።

የልደቱ ጊዜም ለገበያ ተመልካች ባዶ አይደለም። በሐምሌ 1967 ዓ.ም. በብራዚል የወረደው ውርጭ የቡና ተክሉን አቃጥሎ የዓለምን ዋጋ ወደ ላይ ሰቅሎት ነበር። ንጋት ኮከብ የወጣው ቡና ወርቅ በሆነበት ሰሞን ነው።

ከ1983 ዓ.ም. በኋላ የቡናው ንግድ ለግል ነጋዴ ሲከፈት ኮርፖሬሽኑ ተከፋፈለ። ያ ለሌላ ክለብ መርዶ ነው፤ እናት ድርጅቱ ሲፈርስ ቡድኑም አብሮ የተበተነበት ምሳሌ ሞልቷል። ቡና ግን አልተበተነም። አቅራቢውና ላኪው እያዋጡ፣ ደጋፊው የመግቢያ ትኬት እየቆረጠ ክለቡን የጋራ ንብረት አደረጉት። ከአንድ ድርጅት ቡድንነት ወደ አንድ የሙያ ዘርፍ ቡድንነት ተሸጋገረ ማለት ይቻላል። በነፃ ገበያ የመጀመሪያዎቹ ዓመታት እንዲህ ያለ ሽግግር ብርቅ ነበር።

ፍሬውም ቶሎ ታየ። የ1989ኙ ሻምፒዮን በ1990 ዓ.ም. በአፍሪካ ሻምፒዮኖች ሊግ የካይሮውን አል አህሊን ከውድድር አስወጣ። በበጀትም በዝናም ከአህጉሩ ቁንጮዎች አንዱ የነበረውን ክለብ፣ በቡና ነጋዴ መዋጮ የሚተዳደር ቡድን አሰናበተው። ከ13 ዓመት በኋላም በአሠልጣኝ ውበቱ አባተ እየተመራ የ2003ን ፕሪሚየር ሊግ ወሰደ።

የቂርቆሱ ሜዳ

ይህ ሁሉ ታሪክ መድረኩ በቂርቆስ ክፍለ ከተማ፣ በለገሃርና በመስቀል አደባባይ መካከል ያለው የአዲስ አበባ ስታዲየም ነው። ኢትዮጵያ በጥር 1954 ዓ.ም. ግብፅን 4 ለ 2 ረትታ የአፍሪካን ዋንጫ ያነሳችው እዚሁ ሜዳ ላይ ነው። ስታዲየሙ ግን ሜዳ ብቻ አልነበረም፤ ገበያም ነበር። ከመቀመጫው ሥር የተደረደሩት ሱቆች፣ የማልያና የስካርፍ ሻጩ፣ የቆሎና የኦቾሎኒ ነጋዴው፣ ከጨዋታ በኋላ የሚሞላው ምግብ ቤትና ግሮሰሪ ሁሉ የሚኖረው በዘጠና ደቂቃው ዙሪያ ነው። ቡናና ጊዮርጊስ ሲገናኙ፣ ማለትም የሸገር ደርቢ ሲደርስ፣ ገቢው ወደ ካዛንቺስና ወደ ሜክሲኮ ይፈስ ነበር።

ከ2013 ዓ.ም. ጀምሮ ይህ ፍሰት ነጠፈ። የሊጉ ጨዋታዎች በዙር ወደ ተመረጡ ከተሞች ሄዱ፤ ጅማ፣ ባሕር ዳር፣ ድሬዳዋ፣ ሐዋሳ፣ አዳማ። የአፍሪካ እግር ኳስ ኮንፌዴሬሽን (ካፍ) ስታዲየሞቻችን መስፈርቱን አያሟሉም በማለቱም ብሔራዊ ቡድኑ የሜዳውን ጨዋታ ሳይቀር በባዕድ አገር ለማድረግ ተገደደ። የአዲስ አበባው ስታዲየም እድሳት ገባ።

ለከተማ አስተዳደር ክለብ ወይም ለባንክ ክለብ ይህ ብዙም አይጎዳም፤ በጀቱ ከሜዳ በር አይሰበሰብምና። ደጋፊው ዋና ሀብቱ ለሆነ ክለብ ግን ትልቅ ኪሳራ ነው። የቡና ደጋፊ ቡናማና ቢጫውን ለብሶ በየሳምንቱ ሐዋሳ ሊመላለስ አይችልም። በ2017 ዓ.ም. ደግሞ ካዛንቺስ በኮሪደር ልማቱ ስትፈርስ፣ በየጓዳው ተሰባስቦ ጨዋታ የሚያይ፣ ለክለቡ መዋጮ የሚሰበስብ ጎረቤት ወደ የአቅጣጫው ተበተነ። ስሟን ከጣሊያን ዘመን የመንግሥት ሠራተኞች መኖሪያ ቤቶች ያገኘችው ይህች ሰፈር አዲስ ሕንፃ ታገኛለች፤ የተበተነው ደጋፊ ግን እንደ ሕንፃ በውል አይተካም።

ማን ይከፍላል?

አሁን ወደ ሂሳቡ እንግባ። የሊጉ ክለቦች የገንዘብ ምንጭ በጥቅሉ ሦስት ዓይነት ነው። የመጀመሪያው የመንግሥት ድርጅት በጀት ሲሆን ንግድ ባንክ፣ መድን፣ መብራት ኃይልና መቻል በዚህ ይመደባሉ። ሁለተኛው የከተማና የዞን አስተዳደር በጀት ነው፤ የክልሎቹ ክለቦች አብዛኞቹ እዚህ ናቸው። ሦስተኛው ባለሀብትና ደጋፊ የሚሸከሙት ነው፤ ጊዮርጊስና ቡና ዋነኞቹ ምሳሌዎች ናቸው።

በጀት ያለው ክለብ ኃይለኛ ነው፤ ዕድሜው ግን በአንድ ስብሰባ ላይ ይወሰናል። ንግድ ባንክን እንውሰድ። ከሊጉ ከወረደ በኋላ ክለቡ ፈረሰ፤ እንደገና ተቋቁሞ ሲመለስ ደግሞ በ2016 ዓ.ም. ሻምፒዮን ሆነ። ያፈረሰውም ያነሳውም ከላይ የመጣ ውሳኔ ነው። በ2005 ዓ.ም. ዋንጫ ያነሳው ደደቢትም ስድስት ዓመት ሳይሞላው ከሊጉ ወርዷል። ገንዘብ ሲኖር ዋንጫ፣ ገንዘብ ሲቆም ዝምታ።

ሦስተኛው ዓይነት ክለብ እንዲህ በቀላሉ አይሞትም፤ ነገር ግን በዝግታ ይዳከማል። የቢራ ፋብሪካዎች ገንዘብ ለጥቂት ዓመታት መተንፈሻ ሆኖ ነበር። በ2011 ዓ.ም. የወጣው የምግብና መድኃኒት አስተዳደር አዋጅ የአልኮል ማስታወቂያን ሲገድብ ያ መንገድ ጠበበ። በ2013 ዓ.ም. ሊጉ የቴሌቪዥን መብቱን ለአምስት ዓመት ለደቡብ አፍሪካው መልቲቾይስ ሲሸጥ ዋጋው ወደ 68 ሚሊዮን ዶላር እንደሚጠጋ ተዘግቧል። መልካም ገንዘብ ነው፤ ነገር ግን ባለበጀቱም ባለደጋፊውም ስለሚካፈሉት በመካከላቸው ያለውን ልዩነት አያጠብም።

ቡና በዚህ መሐል አንድ ነገር አሳይቷል። የቀድሞው ተጫዋቹ ካሳዬ አራጌ ባሠለጠነው ቡድን ውስጥ አቡበከር ናስር በ2013 ዓ.ም. የውድድር ዘመን 29 ጎል አግብቶ የሊጉን ክብረ ወሰን ሰበረ፤ በቀጣዩ ዓመትም ለደቡብ አፍሪካው ማሜሎዲ ሰንዳውንስ ፈረመ። በነጋዴ ቋንቋ ይህ ኤክስፖርት ነው። ጥሬውን ያሳደገ፣ ያበጠረና ለውጭ ገበያ ያቀረበ ክለብ ዶላር ማግኘት እንደሚችል ከቡና ላኪ በላይ የሚገባው የለም።

አሥር ሳንቲም

መዋጮውስ? በ2017 በጀት ዓመት አገሪቱ 469 ሺህ ቶን ያህል ቡና ልካ 2.65 ቢሊዮን ዶላር ገደማ አግኝታለች። እንበልና ላኪው በእያንዳንዱ ኪሎ አሥር ሳንቲም ብቻ ለክለቡ ቢመድብ በዓመት ወደ 47 ሚሊዮን ብር ይመጣል። ለማነጻጸር ያህል፣ በ2011 ዓ.ም. ማብቂያ ክለቦች የተስማሙበት የደመወዝ ጣሪያ በወር 50 ሺህ ብር ነበር። በዚያ ሂሳብ 25 ተጫዋቾች በዓመት የሚወስዱት 15 ሚሊዮን ብር ነው። ዛሬ ደመወዙ ቢያድግም፣ አሥር ሳንቲም ለላኪው ከጆንያ ስፌት የማይበልጥ ወጪ ነው።

ታዲያ ለምን አይሆንም? አንደኛው ምክንያት የገበያው መዋቅር ነው። በጨረታው ዘመን አቅራቢና ላኪ ፊት ለፊት ይተያዩ ነበር፤ መዋጮም በአንድ ጣሪያ ሥር ይነሳል። በ2000 ዓ.ም. የምርት ገበያው ተቋቁሞ በዓመቱ ቡና ወደዚያ ሲገባ፣ ኋላም ቀጥታ ሽያጭ ሲፈቀድ፣ ነጋዴው በየፊናው ሆነ። ሁለተኛው ምክንያት ደግሞ ከባድ ነው። የሚያዋጣ ሰው ገንዘቡ የት እንደገባ ማየት ይፈልጋል። አክሲዮን የሌለው፣ የተመረመረ ሂሳብ በእጁ የማይደርሰው አዋጪ ባለቤት ሊባል አይችልም፤ ለጋሽ ነው። ለጋሽ ደግሞ ሲሰለቸው ይተዋል።

ስለዚህ የዋጋውና የዋንጫው ግጥምጥሞሽ የተቋረጠው ቡና ስለረከሰ አይደለም። በቡናው ገንዘብና በክለቡ መካከል ያለው ገመድ ስለላላ ነው። ገመዱን የሚያጠብቀው ሚኒስቴርም ካፍም አይደለም። የክለቡ አመራር ሂሳቡን በአደባባይ ያቅርብ፤ ነጋዴውም ከኪሎው አሥር ሳንቲሙን ያውጣ። ድር ቢያብር አንበሳ ያስር ይባል የለ። የኒውዮርክ ዋጋ ነገ ሊወርድ ይችላል፤ ገበያ ነውና። ዋጋው በወረደ ጊዜ ለክለቡ የሚተርፈው በደጉ ዘመን የተቀመጠው ብቻ ነው።