በአራት ሴል ምክንያት የሚጣል ባትሪ

ኖርስቦሪ ከስቶክሆልም በስተደቡብ፣ የቀዩ ባቡር መስመር የሚያበቃበት ሰፈር ነው። በረዶ በጣለበት ሰሞን ጣቢያው በር ላይ ምግብ የሚያመላልስ ያገሬን ልጅ አገኘሁት። የኤሌክትሪክ ብስክሌቱ ባትሪ ሙሉ ነኝ ይላል፤ ዳገት ሲጀምር ግን ድርግም ይላል። ሱቅ ቢወስደው «አይጠገንም፣ አዲስ ግዛ» አሉት። ለምን አይጠገንም? ነገሩ ከአእምሮዬ አልወጣ አለ።

መልሱን ያገኘሁት መርካቶ ሬዲዮ ሲጠግን ካደገና አሁን እዚሁ ሰፈር ከሚኖር ባለሙያ ነው። ስሜ አይጠቀስ ብሎኛል። የአንድ ባትሪ ክዳን ከፍቶ አሳየኝ፦ በስስ ኒኬል የተበየዱ 40 ሴሎች፣ አራት አራት ሆነው በ10 ረድፍ ተደርድረዋል። እያንዳንዱ ሴል 18 ሚሊሜትር ውፍረትና 65 ሚሊሜትር ርዝመት አለው። በቴስተር አንድ በአንድ ለካቸው። ዘጠኙ ረድፎች 4.1 ቮልት አሳዩ፤ ሰባተኛው 3.2።

«ያውልህ በሽተኛው» አለኝ። «ጭነት ሲመጣ እሱ ቀድሞ ይወድቃል። የባትሪው መቆጣጠሪያ ቦርድ ያንን ሲያይ ሁሉንም ይዘጋዋል። ሠላሳ ስድስቱ በአራቱ ጦስ ይጣላሉ።» ጥገናው ግን ዝም ብሎ አዲስ መሰካት አይደለም። «አቅማቸው ካልተቀራረበ አሮጌው አዲሱን ይጎትተዋል። አንዳንዴ 40ውንም መቀየር ይሻላል። ሊትየም ቀልድ አያውቅም፤ ብየዳው ከተበላሸ ቤት ያቃጥላል።» ይባስ ብሎ አንዳንድ ቦርድ ከሴሎቹ ሲለያይ ራሱን ይቆልፋል፤ ሴሉ ተቀይሮም ባትሪው አይነሳም።

ስዊድን ለባትሪ ባዕድ አይደለችም። የኒኬል ካድሚየምን ባትሪ እ.ኤ.አ. በ1899 የፈለሰፈው ስዊድናዊው ዋልዴማር ዩንግነር ነው። ሶኒ የመጀመሪያውን የሊትየም አዮን ባትሪ ለገበያ ያቀረበው በ1991 ነበር፤ ለዚህ ሥራ መሠረት የጣሉት ጉዲናፍ፣ ዊቲንግሃምና ዮሺኖ በ2019 የኬሚስትሪ ኖቤል የተሸለሙት እዚሁ ስቶክሆልም ነው። በስዊድኗ ሼሌፍቴዮ ከተማ ግዙፍ የባትሪ ፋብሪካ የገነባው ኖርዝቮልት ግን በመጋቢት 2025 ኪሳራ አወጀ። የጥገና ፖሊሲውም ወላዋይ ነው፦ የስዊድን መንግሥት በ2017 የብስክሌት፣ የጫማና የልብስ ጥገናን ተጨማሪ እሴት ታክስ ከ25 ወደ 12 በመቶ፣ በ2022 ደግሞ ወደ 6 ዝቅ አድርጎ ነበር፤ በ2023 መልሶ 25 አደረሰው።

በዚያው ዓመት የወጣው የአውሮፓ ኅብረት የባትሪ ደንብ ተስፋ ይሰጣል። ከየካቲት 18 ቀን 2027 ጀምሮ የኤሌክትሪክ ብስክሌት ባትሪ፣ በውስጡ ያሉት ሴሎች ጭምር፣ በገለልተኛ ባለሙያ ሊቀየሩ የሚችሉ መሆን አለባቸው፤ በሶፍትዌር ቆልፎ መከላከልም ተከልክሏል። ታዲያ ገለልተኛው ባለሙያ ማን ነው? ብቃቱንስ ማን ይመሰክርለታል? ጉዳዩ የሚመለከተውን አንድ ባለሥልጣን ጠይቄ «ጥያቄዎ ደርሶናል» የሚል ኢሜይል ብቻ ደረሰኝ።

መልሱ በዘገየ ቁጥር ጤነኛ ሴል ይጣላል፣ ምግብ አመላላሹም ገቢውን ያጣል። በ2024 የነዳጅ መኪና እንዳይገባ የከለከለችው ኢትዮጵያም ነገ ይኸው ጥያቄ ይጠብቃታል። የእሳቱ ስጋት እውነት ነው፤ ነገር ግን ባለሙያውን ወደ ምድር ቤት መግፋት ስጋቱን ያባብሰዋል። አሠልጥኖ፣ ፈትኖ፣ ፈቃድ ሰጥቶ በግልጽ ማሠራት ይሻላል። ለዚህም 2027ን መጠበቅ አያስፈልግም።