ሠላሳ አምስቱ ነጥብ፦ በዩኒቨርሲቲዎቻችን አለቃና መምህር ለምን ይቀያየማሉ?

ሴሚስተር ሊጀመር ቀናት ሲቀሩት በትምህርት ክፍሉ ኮሪደር ላይ አንድ ወረቀት ይለጠፋል። “ሎድ” ይባላል። በግራ የመምህራኑ ስም፣ ቀጥሎ የኮርሱ ስምና የክሬዲት ሰዓቱ፣ ከታች የትምህርት ክፍሉ ኃላፊ ፊርማና ማኅተም ሰፍሮበታል። አዲስ የተቀጠረ ሰው እንደ ተራ ፕሮግራም አንብቦት ያልፋል። ሰባት ስምንት ዓመት የቆየ መምህር ግን ቆሞ ያጠናዋል። የለመደው ኮርስ ለማን ተላለፈ? የአንደኛ ዓመት የጋራ ኮርስ ለአራት ሴክሽን የተጫነበት ማን ነው? ገንዘብ ያለበት የቅዳሜ ኤክስቴንሽን ለማን ደረሰ? በዚህ ዓመት ማን እንደተወደደና ማን እንደተጠላ ከዚያ ወረቀት ይነበባል።

እኔም አስተምር በነበረበት ዘመን እዚያው ኮሪደር ላይ ያየሁት አንድ ነገር እስከ ዛሬ አይረሳኝም። ጡረታ ለመውጣት ጥቂት የቀራቸው አንድ መምህር መነጽራቸውን አድርገው፣ ጣታቸውን ወረቀቱ ላይ እያስኬዱ ስማቸውን ፈለጉ። ለአሥራ አምስት ዓመት ያስተማሩት ኮርስ ከስማቸው አጠገብ የለም። ኃላፊው የራሳቸው ተማሪ የነበረ ልጅ ነው። ከቢሮው ሲወጣ አገኙት።

“ምነው ልጄ፣ ኮርሱን ወሰዳችሁት?”

“ጋሼ፣ እኔ አይደለሁም። ከላይ ነው የመጣው።”

“ከላይ ማለት ማን ነው?”

ልጁ መልስ አልነበረውም። የዋሸ አይመስለኝም። ከላይ ያለው ማን እንደሆነ እሱም በትክክል የሚያውቅ አይመስልም ነበር። በከፍተኛ ትምህርት ተቋሞቻችን ውስጥ በአለቃና በሠራተኛ መካከል ስላለው ቅሬታ ብዙ ይባላል፤ አብዛኛው ስለ ሰው ጠባይ ነው። እገሌ ክፉ ነው፣ እገሊት ቂመኛ ናት ይባላል። እኔ ግን የነገሩ ሥር ያ ልጅ ሊመልሰው ያልቻለው ጥያቄ ነው ብዬ አምናለሁ፦ ኃላፊው ተጠሪነቱ ለማን ነው?

በመጀመሪያ ኃላፊው በእጁ የያዘውን እንይ። የትምህርት ክፍል ኃላፊ ደመወዝ አይጨምርም፣ አይቀንስም። መቅጠርም ማባረርም ብቻውን አይችልም። በእጁ ያሉት ጥቃቅን ወረቀቶች ናቸው፦ ሎድ፣ የፈቃድ ቅጽ፣ ለትምህርት ዕድል የሚጻፍ የድጋፍ ደብዳቤ፣ የፈተና ኮሚቴ ምደባ፣ የትርፍ ሰዓት ክፍያ ማጽደቂያ፣ ክሊራንስ። ከሁሉም በላይ ደግሞ ምዘናው አለ። በብዙ ዩኒቨርሲቲዎች በተለመደው አሠራር መምህር በየሴሚስተሩ ሲመዘን ከመቶው 50ውን ተማሪዎች፣ 15ቱን የሥራ ባልደረቦች፣ 35ቱን ኃላፊው ይሞላሉ። ተማሪዎቹ ብዙ ስለሆኑ ነጥባቸው ወደ አማካይ ይጠጋል። የባልደረባ ነጥብ ብዙውን ጊዜ በይሉኝታ ከፍ ይላል። መምህርን ከመምህር የሚለየው እንግዲህ በአንድ ሰው ብዕር የሚሞላው 35 ነው። ይህ ነጥብ ለደረጃ ዕድገት ይታያል፤ ለሦስተኛ ዲግሪ ስተዲ ሊቭ ሲጠየቅም ይታያል። ሁለት ነጥብ ጎድሎ ወረፋው ለሌላ ያለፈበት ሰው የዓመታት ዕቅዱ ተናግቶበታል።

የአስተዳደር ሠራተኛው ነገር የባሰ ነው። ጸሐፊዋ፣ የላብራቶሪ ቴክኒሺያኑ፣ የሬጅስትራር ባለሙያዋ፣ የንብረት ክፍል ሠራተኛው “ኢፊሸንሲ” የሚሉት የሥራ አፈጻጸም ነጥብ በዓመት ሁለት ጊዜ ይሞላላቸዋል። ተማሪ የሚሰጠው 50 ነጥብ የላቸውም፤ ሴኔት ውስጥም ድምፃቸው ቀጭን ነው። መምህሩ ቢከፋው ጽሑፉን ይዞ ወደ ሌላ ዩኒቨርሲቲ ያማትራል። በአንዲት የክልል ከተማ ተወልዳ፣ አግብታ፣ ልጅ አሳድጋ እዚያው ያለው ብቸኛ ዩኒቨርሲቲ ውስጥ የምትሠራ ጸሐፊ ግን የት ትሄዳለች?

አሁን ወደ ኋላ እንመለስ፤ “ከላይ” የሚለው ቃል ዕድሜው ረጅም ነውና። የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ኮሌጅ በ1943 ዓ.ም. ሲከፈት የመራው ካናዳዊው የኢየሱሳውያን ማኅበር አባል ዶክተር ሉሲየን ማት ነበር። ኮሌጁ በ1954 ዓ.ም. የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዩኒቨርሲቲ አካል ሲሆን ቻንስለሩ ንጉሠ ነገሥቱ ራሳቸው ነበሩ፤ ልጅ ካሳ ወልደማርያምም የመጀመሪያው ኢትዮጵያዊ ፕሬዚዳንት ሆኑ። ሥልጣን ከዙፋን ወደ ፕሬዚዳንት፣ ከፕሬዚዳንት ወደ ዲን ይወርድ ነበር። ያም ሆኖ የፋኩልቲ ስብሰባና የሴኔት ክርክር የሚባል ባህል በዚያው ዘመን ሥር መያዝ ጀምሮ ነበር። በደርግ ጊዜ ግቢው በዕድገት በኅብረት ዘመቻ ተዘጋ፣ ተከፈተ፤ ከአለቃው ጎን የፓርቲ ሰው የተቀመጠበት ዘመን ነበርና ዝምታ ይሻል ነበር።

እስከ ዛሬ የሚያቃጥለው ግን 1985 ነው። የተባበሩት መንግሥታት ዋና ጸሐፊ በታኅሣሥ ወር አዲስ አበባ በመጡ ጊዜ ተማሪዎች በኤርትራ ሪፈረንደም ጉዳይ ሰልፍ ወጡ፤ ተኩስ ተከፈተ፤ ዩኒቨርሲቲው ተዘጋ። በዚያው ዓመት ሚያዝያ 42 መምህራን ተሰናበቱ። ከእነርሱ መካከል የሕክምና ፋኩልቲው ዲን የነበሩት ቀዶ ሐኪም ፕሮፌሰር አሥራት ወልደየስና የመምህራን ማኅበር መሪው ዶክተር ታዬ ወልደሰማያት ነበሩ። ዕድሜ ልኩን ሲያስተምር የኖረን ሰው በደብዳቤ ማሰናበት እንደሚቻል ያየ ወጣት መምህር ምን ይማራል? በስብሰባ ላይ እጁን ከማንሳቱ በፊት ግራ ቀኙን ማየት ይማራል። ያን ትምህርት የወሰዱት በኋላ ዲን ሆኑ፣ ምክትል ፕሬዚዳንት ሆኑ፤ ለተተኪዎቻቸውም አወረሱት።

ቀጥሎ የመጣው ግምገማ ነው። ግምገማ በትጥቅ ትግል ሜዳ የተወለደ፣ ሰው በባልደረቦቹ ፊት ቆሞ ስህተቱን የሚናዘዝበት ሥርዓት ነው። ይህ ነገር ወደ ዩኒቨርሲቲ ይግባ ሲባል ጠብ ተነሣ። በ1995 ዓ.ም. የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ፕሬዚዳንት ፕሮፌሰር እሸቱ ወንጨቆ ከኃላፊነታቸው ለቀቁ፤ ከመንግሥት ጋር ካጋጫቸው ጉዳይ አንዱ የመምህራን ምዘናው ነበር። በዚያው ዓመት የከፍተኛ ትምህርት አዋጅ ቁጥር 351/1995 ወጣ፤ በ2001 አዋጅ ቁጥር 650፣ በ2011 ደግሞ አዋጅ ቁጥር 1152 ተከተሉት። አዋጆቹ ስለ አካዳሚክ ነፃነት በጎ ቃል አላቸው። ከተቋሙ ጫፍ ላይ ግን ቦርድ ያስቀምጣሉ፤ በተግባርም የቦርድ ሰብሳቢዎቹ በአብዛኛው የመንግሥት ባለሥልጣናት ሆነው ኖረዋል። ከ2000 ዓ.ም. ወዲህ ቢፒአር፣ ቢኤስሲ፣ የለውጥ ሠራዊት፣ አንድ ለአምስት እየተባለ አዲስ የአሠራር ማሻሻያ በመጣ ቁጥር የትምህርት ክፍል ኃላፊው ከማስተማርና ከመመራመር ይልቅ ቅጽ ሰብሳቢ እየሆነ ሄደ። አምስት አምስት ሰው ተደራጅቶ ስለመሰብሰቡ በየሳምንቱ ቃለ ጉባኤ ይጠየቅ ነበር። ብዙ ኃላፊዎች ያልተካሄደ ስብሰባ ቃለ ጉባኤ አስፈርመው እንደላኩ አውቃለሁ። እንዲህ ያለው የጋራ ውሸት አለቃንም ሠራተኛንም ያሳፍራል፤ ተፋፍሮ የሚሠራ ሰው ደግሞ ውሎ አድሮ መከባበሩ ይጠፋል።

መስፋፋቱም የራሱን አመጣ። በ1983 ዓ.ም. ዩኒቨርሲቲ ሲባል፣ አሥመራን ሳንቆጥር፣ አዲስ አበባና ዓለማያ ነበሩ። ዛሬ የመንግሥት ዩኒቨርሲቲዎች ከ40 በላይ ናቸው። እንዲህ በፍጥነት ለተከፈተ ትምህርት ክፍል ኃላፊ ከየት ይምጣ? በመጀመሪያ ዲግሪ የተቀጠረ የሃያ አራት ዓመት ወጣት በሁለተኛ ዓመቱ ማኅተም ተሰጠው። ሰው እንዴት እንደሚመራ ያስተማረው የለም። በጓደኞቹ ላይ ተሾመ፤ ትናንት አብሮት ሽሮ ሲበላ የነበረው ጓደኛው ዛሬ ፈቃድ ጠያቂው ሆነ። አንዳንዱ ደንግጦ ሁሉን እሺ አለ፤ አንዳንዱ ደግሞ ደንግጦ ሁሉን እምቢ አለ። በአንድ ቀን “አንተ” የነበረው “ኃላፊ” ሲሆን ቡናውም አብሮ ይቀዘቅዛል።

እዚህ ላይ ከሌላ መሥሪያ ቤት የሚለይ አንድ ነገር አለ። የፋብሪካ ሥራ አስኪያጅ ከወንበሩ ሲነሣ ብዙውን ጊዜ ከፋብሪካውም ይወጣል። የትምህርት ክፍል ኃላፊ ግን ሁለት ወይም አራት ዓመት መርቶ እዚያው ኮሪደር፣ ከእነዚያው ሰዎች መካከል ይቀመጣል። ሹመትና ሽረት በአንድ ጣሪያ ሥር ይፈራረቃሉ። ዛሬ 35 ነጥብ የሰጠሁት ሰው ነገ ለእኔ ይሰጠኛል። ይህ ለፍትሐዊነት ሊረዳ ይገባ ነበር። በተግባር ግን ሁለት ነገር ይወልዳል፦ አንዱ ለሁሉም 33 እየሰጡ ማለፍ ነው፤ ሌላው ቂምን ተራ እስኪደርስ ማቆየት ነው። ሁለቱንም አይቻለሁ። በመጀመሪያው ምዘናው ትርጉም ያጣል፤ በሁለተኛው ሰው ይጎዳል።

ታዲያ ኃላፊው እንዴት ይመረጣል? በብዙ ቦታ ተወዳዳሪዎች ዕቅዳቸውን በመምህራኑ ፊት ያቀርባሉ፤ መምህራን ድምፅ ይሰጣሉ፤ የኮሚቴ ነጥብ ይደመርበታል፤ ከዚያ ደብዳቤው የሚጻፈው ከላይ ነው። መምህራኑ በማስገባቱ ላይ ድርሻ አላቸው። በማውረዱ ላይ ግን እምብዛም የላቸውም። ስለዚህ ኃላፊው ከተሾመ ማግስት ጀምሮ ፊቱን ወደ ዲኑ ያዞራል፣ ዲኑም ወደ ፕሬዚዳንቱ። በ2015 ዓ.ም. ኅዳር መጨረሻ የዩኒቨርሲቲ መምህራን በደመወዝ ጥያቄ ሥራ ባቆሙ ጊዜ ይህ አቀማመጥ ቁልጭ ብሎ ታየ። ኃላፊው ራሱ መምህር ነው፤ የቤት ኪራዩም የዳቦውም ዋጋ እንደ ሌላው ነው። ማን ክፍል ገባ፣ ማን ቀረ ተብሎ በወንበሩ የሚጠየቀው ግን እሱ ነው።

መምህሩስ የሚሟገትበት ማኅበር አለው? የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 42 ከተወሰነ የኃላፊነት ደረጃ በታች ላሉ የመንግሥት ሠራተኞች የመደራጀት መብት ያውቃል፤ ዝርዝሩን ግን ለሌላ ሕግ ይተወዋል። የአሠሪና ሠራተኛ አዋጁ የመንግሥት ሠራተኛን አይመለከትም። ስለዚህ በመንግሥት ተቋም ያለ ሰው የኅብረት ስምምነት ይዞ ከአለቃው ጋር አይደራደርም፤ በደሉን ለብቻው ተሸክሞ ቅሬታ ሰሚ ኮሚቴ ዘንድ ይሄዳል። ኮሚቴውን የሚሰይመው ደግሞ ያው አስተዳደር ነው። በግል ኮሌጆች በኩል ያው የአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 ይሠራል። በዚያ አዋጅ ማኅበር ማቋቋም ይቻላል። ነገር ግን በሰዓት የሚከፈለው መምህር ብዙ በሆነበት ኮሌጅ ማኅበር የሚያቋቁም ማን ነው? ዲኑም ቢሆን “የሥራ መሪ” ከተባለ ከዚያ አዋጅ ጥበቃ ውጭ ነውና፣ ባለቤቱ ሲቆጣ ከመምህሩ በፊት የሚወጣው እሱ ሊሆን ይችላል።

ዝም ተብሎ የሚታለፍ አንድ ነገር ላንሣ። ፊርማ የያዘ ወንድ፣ ፊርማ ለምትፈልግ ወጣት ሴት ረዳት መምህርት ወይም የኮንትራት ሠራተኛ ከሥራ ሰዓት ውጭ መደወል ሲጀምር፣ ነገሩ “የግል ግንኙነት” እየተባለ ይሸፋፈናል። የግል አይደለም። እምቢ ብትል ኮንትራቱ ይታደሳል ወይ ብላ የምትጨነቅ ሴት ፈቃዷ ነፃ አይደለም። ወሲባዊ ትንኮሳ በአሠሪና ሠራተኛ አዋጁ በግልጽ ተከልክሏል፤ በዩኒቨርሲቲዎችም የሥርዓተ ፆታ ቢሮ አለ። ሆኖም ቢሮው ተጠሪነቱ ለዚያው አስተዳደር ነውና ከሳሿ አቤቱታዋን ይዛ የምትወጣው ደረጃ ተከሳሹ በየቀኑ የሚወጣው ደረጃ ነው።

አሁን መነጋገሪያው ራስ ገዝነት ነው። የራስ ገዝ ዩኒቨርሲቲዎች አዋጅ በ2015 ዓ.ም. ወጥቶ አዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ የመጀመሪያው ሆኗል፤ ሌሎችም በተራ ይጠበቃሉ። ዩኒቨርሲቲው ገንዘቡንና ሠራተኛውን ራሱ ያስተዳድር መባሉ መልካም ነው። የሚያሳስበኝ ሥልጣኑ ከሚኒስቴር ወርዶ የት ላይ እንደሚቆም ነው። ፕሬዚዳንቱ ቢሮ ላይ ከቆመ፣ መቅጠርና ማሰናበት ለአለቃው የቀለለ ይሆናል፤ የትምህርት ክፍሉ ጉባኤ ግን እንደ ድሮው ከላይ የመጣ የሚነበብበት ሆኖ ይቀራል። ያን ጊዜ “ከላይ” ቅርብ ይሆናል እንጂ አይጠፋም።

የሽማግሌው መምህር ነገር እንዲህ ሆነ። በዓመቱ ልጁ ወርዶ አንዲት ሴት ኃላፊ ሆነች። ሎድ ከመለጠፏ በፊት ሁላችንንም ክፍል ውስጥ ሰበሰበችና ኮርሶቹን በሙሉ በጠመኔ ጥቁር ሰሌዳ ላይ ጻፈች፤ ኤክስቴንሽኑንም ጨምራ። “ማን የቱን ይፈልጋል? ሁለት ሰው የፈለገውን እንከራከርበታለን፤ ማንም ያልፈለገውን በዕጣ እንካፈላለን” አለች። ሦስት ሰዓት ፈጀ። የጮኸም ነበር። ሽማግሌው ኮርሳቸውን መልሰው ለመውሰድ ቢችሉም ግማሹን ሴክሽን ለአንዲት ወጣት መምህርት ለቀቁላት፤ ማስታወሻቸውንም እንደሚያውሷት ነገሯት። ቃለ ጉባኤው ላይ ሁላችንም ፈረምን። በማግስቱ ወረቀቱ ሲለጠፍ ኮሪደሩ ላይ ቆሞ የሚያነብ ሰው አልነበረም።