ደላላና ወኪል አንድ አይደሉም

እርሻችሁ በገጠር ነው እንበል። ልጆቻችሁ ግን በወረዳው ከተማ ይማራሉ። በየወሩ ኪራይ መክፈል ሰለቻችሁ። ሁለት በሬ ሸጣችሁ፣ ከተጠራቀመው ገንዘብ ጨምራችሁ፣ በከተማው አንድ ቆርቆሮ ክዳን ቤት ልትገዙ አሰባችሁ። ማንን ትጠይቃላችሁ? ደላላ ነዋ!

ደላላው ይመጣል። ቤቱን ያሳያችኋል። «ባለቤቱ አዲስ አበባ ነው የሚኖረው። ወኪሉ የወንድሙ ልጅ ነው። አባባ፣ አይዞዎት፣ እኔ አለሁልዎት» ይላል።

እስቲ እዚህ ላይ ቆም በሉ። አንዱ ደላላ ነው። ሌላው ወኪል ነው ተብሏል። ሥራቸው ለየቅል ነው።

ደላላ ገዢንና ሻጭን ያገናኛል። ለድካሙ የሚከፈለው ገንዘብ ኮሚሽን ይባላል። ብዙ ጊዜ ከመቶ ብር 2 ብር ይጠይቃል። ቤቱ 300,000 ብር ቢሸጥ ኮሚሽኑ ስንት ይሆናል? 6,000 ብር ነው። ከገዢም ከሻጭም የሚቀበል ደላላ አለ። እንግዲህ ከሁለት ወገን የሚከፈለውን ሰው «የእኔ ጠበቃ ነው» ብላችሁ አትመኑ። እሱ የሚፈልገው ውሉ እንዲያልቅ ነው። ይህ ስድብ አይደለም፤ ደህና ደላላ ብዙ መንገድ ያሳጥራል። ነገር ግን ካልተወከለ በቀር በባለቤቱ ስም መፈረም አይችልም። የቤቱን ዋጋም ለባለቤቱ ብሎ መቀበል አይችልም።

ወኪል በሌላ ሰው ስም ውል የሚያደርግ ነው። በተሰጠው ሥልጣን ሲፈርም ወካዩ ራሱ እንደ ፈረመ ይቆጠራል። ስለዚህ ሕጉ ጠበቅ ይላል። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ ዛሬም ይሠራበታል። በዚህ ሕግ የቤት ሽያጭ በጽሑፍ መሆን አለበት። ለመሸጥ የሚሰጠው ውክልናም እንዲሁ በጽሑፍ ነው። በቃል ወይም በስልክ «ሽጥልኝ» ማለት አይበቃም።

እንግዲያው የውክልናውን ወረቀት ጠይቁ። ራሳችሁ አንብቡት። «ጠቅላላ ውክልና» ብቻ ከሆነ፣ ወኪሉ ቤቱን ያስተዳድራል፤ ያድሳል፣ ኪራይ ይሰበስባል። መሸጥ ግን አይችልም። ለመሸጥ ልዩ ውክልና ያስፈልጋል። ስለዚህ ከወረቀቱ ላይ «እንዲሸጥ» ወይም «ለመሸጥ» የሚለውን ቃል ፈልጉ። ቃሉ ከሌለ፣ የወንድም ልጅም ቢሆን አይሸጥም። ቃሉ ካለ ደግሞ ቀኑን እዩ። ባለቤቱ ውክልናውን በፈለገ ጊዜ መሻር ይችላል። ከሞተም፣ ሌላ ስምምነት ከሌለ፣ ውክልናው ያበቃል። የአምናው ወረቀት ዘንድሮ ላይሠራ ይችላል። ወረቀቱን ያረጋገጠው መሥሪያ ቤት ድረስ ሄዳችሁ ጠይቁ። መንገዱ ቢያደክምም የሁለት በሬ ዋጋ ነው እኮ!

ሻጭ እናንተ ብትሆኑስ? ወኪላችሁ ለእናንተ ጥቅም ብቻ መሥራት አለበት። በ300,000 ብር ሸጦ «በ280,000 ሸጥሁ» ሊላችሁ አይችልም። ቤታችሁን ለራሱ ቢገዛው፣ ወይም ገዢውንም ወክሎ ብቻውን በሁለቱም ስም ቢዋዋል፣ ውሉ እንዲፈርስ መጠየቅ ትችላላችሁ። ቤቱ የባልና ሚስት የጋራ ከሆነ ደግሞ የሁለቱም ስምምነት ያስፈልጋል። ሚስት ሳታውቅ ባል ብቻውን «ሽጥልኝ» ብሎ ቢወክል ነገር ያመጣል። የሚሸጠውም ቤቱ ነው እንጂ መሬቱ አይደለም።

የሽያጩ ውል ሲጻፍ ሁለት ምስክሮች ይፈርማሉ። ውሉም በፍርድ ቤት ወይም ውል ለማዋዋል ሥልጣን በተሰጠው ሰው ፊት ይደረጋል። ገንዘባችሁን ከዚያ በፊት አትቁጠሩ።

አንድ ነገር ቀረ። ሕጉ ማንበብ ለማይችል ሰው አንድ ጋሻ አበጅቶለታል። እንዲህ ያለ ሰው በጽሑፍ ውል ላይ ቢፈርም ወይም የጣት አሻራ ቢያኖር፣ ዳኛ ወይም ሥልጣን ያለው ሹም ካላረጋገጠው በቀር አይገደድበትም። እናንተ ግን አሁን ታነባላችሁ። «አላነበብሁትም ነበር» ብትሉ ያ ጋሻ አይከልላችሁም። ደላላው የኮሚሽን ወረቀት አውጥቶ «እዚህ ጋ ብቻ ይፈርሙልኝ» ሲል፣ ወረቀቱን ከእጁ ተቀበሉ። ከላይ ጀምራችሁ አንብቡ። ከመቶ 2 ነው የሚለው ወይስ ከመቶ 12? ቁጥሩ በፊደልም ይጻፍበት።